ግድግዳው ተገፍቶ የሚከፈት ቤት
በሆላንድ አገር በኡትሬክት ከተማ ያለውን የወይዘሮ ሽሮደርን ቤት ስለ መጐብኘት

ሰው ከአገሩ ወጥቶ ወደ ኤውሮፓ የሄደ እንደ ሆነ አስቀድሞ የሚጐበኘው የነገሥታቱን አዳራሽ፥ ትልልቁን ቤተ ክርስቲያን፥ የጦር አለቆችንም ሐውልት ነው። ይህ ልማድ የሚነቀፍ አይደለም። የሕንፃ ሥራ ለሚወድ መንገደኛ ግን ከነዚህ ሁሉ ይልቅ ልብን የሚይዝ አንድ ነገር አለ፤ እርሱም ሰው ከልጆቹ ጋራ ሊኖርበት ብሎ ያሠራው መኖሪያ ቤት ነው። አዳራሽ የሚሠራው ለክብር ነው፤ ሐውልትም የሚቆመው ለመታሰቢያ ነው፤ መኖሪያ ቤት ግን እናት ልጇን በምን አኳኋን ልታሳድግ እንዳሰበች፥ እንግዳ ወዴት እንደሚቀመጥ፥ ሕፃን ወዴት እንደሚተኛ፥ ሠራተኛዋም በየት በኩል እንደምትገባ ያለ አንደበት ይናገራል።

ዛሬ ለአንባቢዎቻችን የምናወራው በኡትሬክት ከተማ በፕሪንስ ሄንድሪክ ጎዳና ቍጥር 50 ስላለው ቤት ነው። የተሠራው በ1924 ዓመት ነው፤ በዚህ ጽሑፍ የሚነበበውም የዓመት ቍጥር ሁሉ እንደ ኤውሮፓ አቈጣጠር መሆኑን አንባቢ ይወቅልን። ያሠሩት ባላቸው የሞቱባቸው የሦስት ልጆች እናት ወይዘሮ ትሩስ ሽሮደር ናቸው፤ ፕላኑን ከእርሳቸው ጋራ ሆነው ያወጡት ደግሞ ጌሪት ሪትፌልት የሚባሉ የወንበርና የሣጥን ሠሪ ነበሩ። ቤቱ ትንሽ ነው። ነገር ግን በ2000 ዓመት የተባበሩት መንግሥታት የትምህርት፥ የሳይንስና የባህል ድርጅት በዓለም ቅርስ መዝገብ ጻፈው፤ ይህም መዝገብ የእኛ የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት በ1978፥ የጐንደር የፋሲል ግቢም በ1979 የተጻፉበት ነው። ከዐለት ተፈልፍለው ከወጡት አብያተ ክርስቲያናትና ከነገሥታት ግንብ ጋራ፥ አንዲት መበለት ልጆቻቸውን ያሳደጉበት ቤት በአንድ መዝገብ ሊገኝ የቻለው ስለ ምን እንደ ሆነ ለማወቅ ሄጄ አየሁት።

ከአምስተርዳም በባቡር የተነሣ መንገደኛ ግማሽ ሰዓት ያህል ተጕዞ ኡትሬክት ይደርሳል። የከተማዪቱ ምልክት ቁመቱ 112 ሜትር የሆነ የደወል ግንብ ነው፤ በ1321 ተጀምሮ በ1382 ተፈጸመ። ግንቡ ዛሬ ብቻውን ቆሞ የሚታየው በ1674 የተነሣ ዐውሎ ነፋስ በግንቡና በቤተ ክርስቲያኑ መካከል የነበረውን የሕንፃ ክፍል ስለ ጣለው ነው። ይህን ማንሣቴ ኡትሬክት የጥንት ነገር የሚከበርባት፥ የጳጳሳትም መቀመጫ የነበረች ከተማ መሆንዋን አንባቢ እንዲያውቅና፥ እንደዚህ ባለ ከተማ እንደዚያ ያለ ቤት ማቆም ምን ያህል ድፍረት እንደ ነበረ እንዲገምት ብዬ ነው።

ከከተማው መካከል ወደ ምሥራቅ ሲሄዱ፥ በመንገዱ ዳር በሸክላ ጡብ የተሠሩ፥ እርስ በርሳቸው ተያይዘው የቆሙ ቤቶች ይታያሉ፤ እንደ ተሰለፉ ወታደሮች ሁሉም አንድ ዐይነት ልብስ የለበሱ ናቸው። በሰልፉ መጨረሻ ላይ ግን ነጭና ግራጫ የለበሰ፥ ቀይ፥ ቢጫ፥ ሰማያዊና ጥቍር መስመር የተሰመረበት አንድ ቤት፥ ጀርባውን ለጎረቤቱ ሰጥቶ ቆሞአል። ክዳኑ ጠፍጣፋ ነው። ግድግዳው እንደ ሌላው ቤት ግድግዳ ማዕዘን ገጥሞ አይቆምም፤ አንዱ ሰሌዳ ከሌላው ፈቀቅ ብሎ፥ አንዱም ከሌላው አልፎ፥ ወረቀት ቈርጠው ያቆሙት ይመስላል። በረንዳዎቹም በቀጫጭን የብረት ተሸካሚዎች የተያዙ ናቸውና ከሩቅ ላየ ሰው በአየር ላይ የተንሳፈፉ ይመስላሉ።

እውነቱን ለመናገር መጀመሪያ ባየሁት ጊዜ ቅር አለኝ። በመጻሕፍት ላይ በፎቶግራፍ ሲታይ ትልቅ የነበረው ቤት፥ በዓይን ሲያዩት ከጎረቤቱ ያንሳል። ደግሞም ለዓይን የሚመስለው ሁሉ እውነት አይደለም። በአርማታ የፈሰሰ የሚመስለው ግድግዳ ከውስጡ የሸክላ ጡብ ነው፤ ላዩ ተለስኖ ቀለም ተቀብቶአል። በአርማታ የተሠሩት መሠረቱና በረንዳዎቹ ብቻ ናቸው፤ ወለሉ የእንጨት ነው። ሁሉን በአርማታ ለመሥራት ታስቦ ነበር፤ ነገር ግን ወጪው ስለ በዛ ተተወ። የወይዘሮዋ ገንዘብ ማለቂያ የሌለው አልነበረም።

ወደ ውስጥ ከመግባታችን በፊት የቤቱን ባለቤት ማወቅ ይገባል።

ወይዘሮ ትሩስ በ1889 ዓመት በዴቬንተር ከተማ ከካቶሊክ ቤተ ሰብ ተወለዱ። እናታቸው ገና በሕፃንነታቸው ሞቱባቸው። አድገውም የመድኃኒት ቅመማ ትምህርት ተምረው፥ በ1911 በሕግ ሥራ የሚተዳደሩትን ሙሴ ሽሮደርን አገቡ። ባላቸው በዕድሜ ብዙ ይበልጡዋቸው ነበር። ሦስት ልጆችም ወለዱ፤ ቢነርት የሚባለው ወንድ ልጅ በ1912፥ ማርያን የምትባለው ሴት ልጅ በ1913፥ ታናሺቱ ሃንነከ በ1918 ተወለዱ። ባልና ሚስቱ በልጆች አስተዳደግ ነገር አሳባቸው አንድ አልነበረም። የሚኖሩበትም ቤት ሰፊና ጣራው ከፍ ያለ፥ የጥንት ወግ የተጠበቀበት ነበርና ወይዘሮዋን አስጨነቃቸው። ባላቸውም ይህን አይተው በ1921 አንዱን ክፍል እንደ ወደዱት አድርገው እንዲያሠሩ ፈቀዱላቸው። ክፍሉን እንዲሠሩ የተጠሩት ሙሴ ሪትፌልት ነበሩ፤ የሁለቱም የሥራ ባልንጀርነት ከዚያ ተጀመረ።

በ1923 ሙሴ ሽሮደር ሞቱ። ወይዘሮዋ የሠላሳ አራት ዓመት ሴት ነበሩ፤ ከልጆቹም ትልቁ ገና ዐሥራ አንድ ዓመቱ ነበር። እንዲህ ያለ ኀዘን በደረሰበት ቤት ዘመድ ሁሉ መካሪ ይሆናል፤ መበለት የሆነች ሴትም አብዛኛውን ጊዜ የምትሄደው ሌላው በቈረጠላት መንገድ ነው። እርሳቸው ግን ትልቁን ቤት ለቀው፥ ልጆቻቸው ትምህርታቸውን እስኪጨርሱ ድረስ ብቻ በኡትሬክት የሚቀመጡበት ትንሽ ቤት ፈለጉ። አስቀድሞ ያሰቡት ቤት ተከራይተው ሙሴ ሪትፌልት እንዲያድሱላቸው ነበር። የሚሆን ቤት ግን አልተገኘም፤ አዲስ ለመሥራት ተስማሙና በቤቶቹ ረድፍ ጫፍ ላይ ያለችውን ቍራጭ መሬት አገኙ። በዚያን ጊዜ ከተማው የሚያልቀው እዚያ ላይ ነበር፤ ከዚያ ወዲያ ያለው ዓይን እስኪደክም ድረስ ለጥ ያለ መስክ ነበር።

ለጥቂት ዓመት ብለው የገቡበት ቤት የስድሳ ዓመት መኖሪያቸው ሆነ።

ሙሴ ሪትፌልትስ ማን ነበሩ? በ1888 በዚያው በኡትሬክት የተወለዱ የአናጢ ልጅ ናቸው። ትምህርት ቤቱን ዐሥራ ሁለት ዓመት ሳይሞላቸው ትተው በአባታቸው የሥራ ቤት መጋዝና መላጊያ ጨበጡ፤ ካደጉም በኋላ ማታ ማታ የሕንፃ ሥራ ትምህርት ተማሩ። በ1917 የራሳቸውን የሥራ ቤት ከፈቱ። ዛሬ በዓለም ሁሉ የታወቀውን ወንበራቸውን የሠሩት በ1918 ገደማ ነው፤ ወንበሩም ቀጥ ብለው ከተቈረጡ እንጨቶችና ከሁለት ሳንቃዎች የተሠራ ነው። ቀይና ሰማያዊ፥ ጥቍርና ቢጫ ቀለም የተቀባው ግን ኋላ ነው። በ1917 ቴኦ ፋን ዱስቡርኽ የሚባሉ ሰው «ደ ስቴይል» የሚል መጽሔት አቋቁመው ነበር፤ ትርጓሜውም «ስልቱ» እንደ ማለት ነው። ሠዓሊው ፒት ሞንድሪያንና ሌሎችም በዚህ ዙሪያ ተሰብስበው፥ ጌጥን ሁሉ ትተው በቀጥታ መስመርና በጥቂት ንጹሕ ቀለም ብቻ መሥራት ይገባል ብለው ያስተምሩ ነበር። ሪትፌልትም ወዲያው ከማኅበራቸው ገቡ። እስከዚያ ጊዜ ድረስ ግን አንድ ሙሉ ቤት ከመሠረቱ እስከ ክዳኑ ሠርተው አያውቁም ነበር።

እንግዲህ አንባቢ ሆይ፥ ነገሩን ልብ በል። የተማሩ የጨዋ ልጅ፥ የሕግ ዐዋቂ ሚስት የነበሩ ሴት፥ ለልጆቻቸው የተረፈውን ገንዘብ አውጥተው ቤት ሠርቶ ለማያውቅ ወንበር ሠሪ ሰጡ።

ወይዘሮዋ ያዘዙት ነገር የተጻፈ ዝርዝር አልነበረም፤ አሳብ ነበር። ከአሳባቸውም ዋናው ከልጆቻቸው ጋራ መኖር ነው። ይህ ቃል ለእኛ ተራ ይመስላል፤ ለዚያ ዘመን የኤውሮፓ ጨዋ ሰው ግን ተራ አልነበረም። በባለጸጋ ቤት ልጆች በራሳቸው ክፍል ከሞግዚት ጋራ ይውላሉ፤ ወላጆቻቸውን የሚያዩት በተወሰነ ሰዓት ነው፤ ጭውውትም ሲሆን ወደ ክፍላቸው ይሰደዳሉ። ወይዘሮ ሽሮደር ይህን ጠሉ። ሠዓሊው፥ ጸሓፊው፥ መሐንዲሱ በቤታቸው ተቀምጦ ስለ ጥበብና ስለ ዓለም ኑሮ ሲከራከር ልጆቹ ከዚያው ተቀምጠው እንዲሰሙ፥ የሰሙትንም እንዲጠይቁ ፈለጉ። ደግሞም ለእያንዳንዱ ክፍል አልጋ የሚዘረጋበት ስፍራ፥ የውኃ መግቢያና መውጫ፥ ወደ ውጭ የሚያወጣም በር እንዲኖረው ጠየቁ።

ሁለቱ ጥያቄዎች እርስ በርሳቸው የሚጣሉ ናቸው። ሁሉ አብሮ እንዲቀመጥ ሰፊ ክፍል ያስፈልጋል፤ እያንዳንዱ የራሱ ክፍል እንዲኖረው ደግሞ ግድግዳ ያስፈልጋል። ፕላኑን ሲያወጡ ሳለ የላይኛውን ደርብ ግድግዳዎች አንሥተን መጣል አንችልም ወይ ብለው የጠየቁት ወይዘሮዋ እንደ ነበሩ፥ ሙሴ ሪትፌልትም ጥያቄውን በደስታ እንደ ተቀበሉ ይነገራል። ግድግዳው ግን ፈጽሞ አልቀረም፤ ቀን የሚጠፋ፥ ማታ የሚመጣ ግድግዳ አደረጉት።

ከዚህ ላይ የሕግ ሥራ የሚያውቅ አንባቢ ፈገግ የሚልበት ነገር አለ። የማዘጋጃ ቤቱ የሕንፃ ደንብ ግድግዳ የሌለውን መኖሪያ የሚፈቅድ አልነበረም። ስለዚህ ለፈቃድ በቀረበው ፕላን ላይ ምድር ቤቱ እንደ ማናቸውም ቤት በክፍል በክፍሉ ተለይቶ ታየ፤ ላይኛው ደርብ ግን «ቆጥ» ተብሎ ተጻፈ። ቆጥ ዕቃ የሚቀመጥበት ነውና ደንቡ ስለ እርሱ ብዙ አይጠይቅም።  ዓለም ሁሉ ሊያየው የሚመጣው የቤቱ ክፍል እንግዲህ በመንግሥት መዝገብ ላይ የዕቃ ማስቀመጫ ነበር።

አሁን እንግባ። ቤቱን ማየት የሚፈልግ ሰው ቀኑንና ሰዓቱን ቀድሞ ማስመዝገብ አለበት፤ ብዙ ሰው በአንድ ጊዜ አያስገቡምና። በደጃፉም ላይ ወለሉ እንዳይጐዳ በጫማ ላይ የሚጠለቅ ስስ መሸፈኛ ይሰጣሉ። ባለ ሥልጣኑም ተማሪውም ያን ሰማያዊ ከረጢት በእግሩ አጥልቆ እየተንሸራተተ ሲሄድ ማየት ራሱ ያስቃል።

ምድር ቤቱ የቤት አስተዳደር ለምትወድ ወይዘሮ ብዙ የምታየው ነገር አለው። ከወጥ ቤቱ መስኮት አጠገብ ዕቃ ለሚያመጣ ባለ ሱቅ የተጻፈ ማስታወቂያ አለ፤ አስቀድሞ ደወል እንዲደውል፥ መልስ ካላገኘም በመነጋገሪያው ቧንቧ እንዲናገር ያዝዛል። ቧንቧው ወደ ላይኛው ደርብ የሚያደርስ ነው፤ እመቤቲቱ ከልጆቻቸው አጠገብ ሳይነሡ ባለ ሱቁን ማነጋገር ይችሉ ነበር። የፖስታው ሣጥን መስተዋት ያለው በመሆኑ ደብዳቤ መምጣቱ ሣጥኑ ሳይከፈት ይታወቃል። በወጥ ቤት የበሰለው ምግብ በሳጥን ሆኖ በገመድ እየተሳበ ወደ ላይኛው ደርብ ይወጣል፤ ሠራተኛዋ ትሪ ተሸክማ ደረጃ አትወጣም። ይህን ሁሉ ሳይ ወይዘሮዋ ቤቱን ያሰቡት በወረቀት ላይ በተሣለ መስመር ብቻ ሳይሆን ጧት ተነሥቶ ማታ እስኪተኙ ባለው የድካም ቍጥር ጭምር እንደ ሆነ ገባኝ።

የምድር ቤቱ ክፍሎች በእውነተኛ ግድግዳ የተለያዩ ናቸው፤ ነገር ግን ግድግዳው ከጣራው ሳይደርስ በላዩ መስተዋት ስለ ገባበት፥ ከአንዱ ክፍል ሆኖ ወደ ላይ ቀና ያለ ሰው ጣራው ሳይቋረጥ ወደ ሌላው ክፍል ሲያልፍ ያያል። የንባብ ክፍል አለ፤ የቤት ሠራተኛዋም የራስዋ ክፍል ነበራት። ለአውቶሞቢል ማስገቢያ ታስቦ የነበረው ስፍራ የሙሴ ሪትፌልት የሥራ ክፍል ሆነ፤ ብዙ ዓመትም ፕላናቸውን እዚያ ሲያወጡ ኖሩ።

ደረጃው ጠባብ ነው። በላዩ ግን ጣራው ላይ መስተዋት ስላለበት ብርሃን እንደ ውኃ ይወርድበታል። ደረጃውን ወጥተን ላይኛው ደርብ በደረስን ጊዜ ሁላችንም ዝም አልን። ግድግዳ የለም፤ መስኮቱ በዙሪያው ነው፤ ወለሉ ቀይ፥ ነጭ፥ ግራጫና ጥቍር ሆኖ በየስፍራው ተከፍሎአል። ከመሸፈኛው በታች እግራችን የት እንደሚረግጥ እያየን ቆምን።

ከዚያም አስጎብኚዋ አንዱን ሳንቃ ያዘችና ገፋችው። ሳንቃው ከጣራው ሥር ባለው ሐዲድ ላይ እየተንሸራተተ መጣ፤ ሁለተኛውን ሳበችው፤ ሦስተኛውንም አጠፈችው። ጥቂት ደቂቃ ባልሞላ ጊዜ ቆመንበት የነበረው አንድ አዳራሽ የወንድ ልጅ መኝታ፥ የሴቶች ልጆች መኝታ፥ የመመገቢያና የመቀመጫ ክፍል ሆነ፤ እኛም ሳናስበው ከሁለት ተከፍለን አንዳችን ለሌላችን ተሰወርን። ከሳንቃው ወዲያ የቀሩት ሰዎች ሲሳሳቁ ይሰማ ነበር። ድምፁ ሁሉ ያልፋል። እኔ ይህን ነገር በልቤ ያዝሁት፤ ኋላ እመለስበታለሁ።

በአገራችን በመጋረጃ የሚከፈል አዳራሽ አይተናል፤ እልፍኝም በመጋረጃ ይለያል። ነገር ግን መጋረጃ የሚጋረደው ታላቁን ሰው ከሌላው ለመለየት ነው፤ በወይዘሮ ሽሮደር ቤት ያለው ሳንቃ ግን ቀን ቀን የሚከፈተው ታናሹን ከታላቁ ጋራ ለማስቀመጥ ነበር። ብልሃቱ ቢመሳሰልም አሳቡ የተለየ ነው።

ከመመገቢያው ጠረጴዛ አጠገብ ያለው መስኮት ከሁሉ ይልቅ የሚወራለት ነው። ሌላው ቤት በማዕዘኑ ላይ ምሰሶ ወይም ግድግዳ አለው፤ የዚህ ቤት ማዕዘን ግን ሁለት መስኮት የሚገናኝበት ነው፤ ተሸካሚው ብረት ከማዕዘኑ ፈቀቅ ብሎ ቆሞአል። ስለዚህ ሁለቱ መስኮቶች በተከፈቱ ጊዜ ማዕዘኑ ራሱ ይጠፋል፤ ተቀምጦ የሚበላው ሰው ግማሽ አካሉ ከሜዳው ላይ ያለ ይመስለዋል። ሪትፌልት ክብደቱን ሁሉ በማዕዘን ላይ የመጣልን ጥንታዊ ልማድ በአንድ መስኮት አፈረሱት። ይህን ለማድረግ የአናጢ እጅ ሳይጠቅማቸው አልቀረም፤ አናጢ እንጨቱ የት ላይ እንደሚጫንና የት ላይ እንደማይጫን በጣቱ ያውቃልና።

አሁን ወደ ድምፁ ነገር ልመለስ። በላይኛው ደርብ ላይ ቋሚ ግድግዳ ያላቸው ክፍሎች ጥቂት ናቸው፤ ከነዚያም አንዱ የእናቲቱ የራሳቸው መኝታ ነው፤ ትንሽ ነው፥ ነገር ግን በሩ የእውነት በር ነው። የልጆቹ ግድግዳ ግን ጧት በተነሡ ጊዜ ይገፋል። ዐሥራ ሁለት ዓመት የሆነው ወንድ ልጅ ብቻውን ሆኖ ማኵረፍ በፈለገ ጊዜ ምን ያደርግ ነበር? ደብዳቤ መጻፍ የፈለገች ልጅስ? ልጅን ከታላላቆች ጨዋታ አለማራቅ መልካም ነው፤ ልጅን ከራሱ ጋራ ብቻውን እንዲሆን መተው ደግሞ ሌላ መልካም ነገር ነው። ወይዘሮ ሽሮደር ሁለተኛውን አልረሱትም፤ ለዚህም ነው ሳንቃውን የፈለጉት። ነገር ግን ስስ ሳንቃ ዓይንን እንጂ ጆሮን አይከለክልም። እኔ ይህን ቤት አደንቀዋለሁ፤ በልጅነቴ እንድኖርበት ቢሰጠኝ ግን ሳልጠይቅ የምገባ አይመስለኝም።

ልጆቹም የከፈሉት ዋጋ ነበረ። ከተማው ቤቱን እንደ ጕድ ያየው ነበር፤ በትምህርት ቤትም ልጆች «የዕብዶች ቤት» እያሉ ይሣለቁባቸው እንደ ነበር ተነግሮአል። ወይዘሮዋ ራሳቸው ጽኑ ሰው ነበሩ፤ የመንገደኛው ሣቅ አያስጨንቃቸውም። ስድስት ዓመት የሆናት ልጅ ግን በእናቷ አሳብ ምክንያት በጓደኞቿ ፊት ስታፍር ምን ማለት እንደ ሆነ እናት የሆነች ሁሉ ታውቃለች። አዲስ ነገር የሚጀምር ወላጅ ሁሉ፥ ልጁን በውጭ አገር ልብስ አልብሶ ወደ ትምህርት ቤት የላከም ቢሆን፥ ይህን ያህል ዕዳ በልጁ ትከሻ ላይ ሳይጭን አይቀርም።

የሆነ ሆኖ የታናሺቱ የሃንነከ መጨረሻ ያስደንቃል። አድገው ወደ ዙሪክ ሄዱ፤ በዚያ ባለው የፌዴራል የቴክኒክ ትምህርት ቤት የሕንፃ ጥበብ ተምረው በ1940 ተመረቁ፤ በሆላንድ አገር መሐንዲስ ከሆኑት ከመጀመሪያዎቹ ሴቶች አንዷ ሆኑ። ከሙሴ ሪትፌልት ጋራ ሠሩ፤ በ1954 በአምስተርዳም የራሳቸውን ቢሮ ከፈቱ፤ ኋላም ወደ አሜሪካ ተሻግረው የቤት ውስጥ አሠራርን ጥበብ አስተማሩ። በ1992 ሞቱ። ከዚያ ጠረጴዛ አጠገብ ተቀምጠው የሰሙት ነገር በከንቱ አልፈሰሰም ለማለት ይቻላል፤ ነገር ግን ከግድግዳው መጥፋት የመጣ ነው ብሎ መፍረድ ያስቸግራል። ሌሎቹ ሁለቱ ልጆችም በዚያው ቤት አድገዋልና።

ስለ ወይዘሮዋና ስለ ሙሴ ሪትፌልት የሚነገረውን ነገር ፈጽሞ ማለፍ አይቻልም፤ ማብዛቱም ለዚህ ዐምድ አይገባም። ሪትፌልት ሚስትና ስድስት ልጆች ያሉዋቸው ሰው ነበሩ። ከወይዘሮ ሽሮደር ጋራ የነበራቸው ፍቅር ከሥራ ባልንጀርነት ያለፈ እንደ ነበር ዛሬ የተሰወረ አይደለም። ሚስታቸው በ1957 ከሞቱ በኋላ ሪትፌልት ወደዚህ ቤት መጥተው በ1964 እስኪሞቱ ድረስ ኖሩበት። ቤቱን ለማድነቅ የሚመጣ እንግዳ ከዚህች ከተማ በሌላ ሰፈር ሌላ እናት ስድስት ልጆች ይዘው ሌላ ቤት ያስተዳድሩ እንደ ነበር ቢያስታውስ ጥፋት የለበትም። በቤቱ ውስጥ ስለ እርሳቸው ብዙ አይወራም።

በሥራ በኩል ግን ሁለቱ ብዙ ነገር አብረው ሠሩ። ከቤቱ ፊት ለፊት በኤራስሙስ ጎዳና በ1931 የረድፍ ቤቶች ፕላን አውጥተው አሠሩ። ሪትፌልትም ኋላ ስማቸው ገነነ፤ በቬኒስ የሆላንድን የሥዕል ማሳያ ቤት በ1954 ሠሩ፤ የአምስተርዳሙ የቫን ጎኽ ቤተ መዘክርም የተጀመረው በእርሳቸው ፕላን ሲሆን፥ የተከፈተው ከሞቱ በኋላ በ1973 ነው።

ለቤቱ የመጣበት ክፉ ነገር ግን ከመስኮቱ ወዲያ ነበር። በ1960ዎቹ ዓመታት ከተማው እየሰፋ ሄዶ፥ ለአውቶሞቢል ከመሬት ከፍ ብሎ የሚያልፍ አውራ ጎዳና ከቤቱ ፊት ተሠራ። ማዕዘኑ የተከፈተው መስኩን ለማየት ነበር፤ አሁን መስኮቱ የተከፈተለት መስክ ጠፍቶ በስፍራው የአርማታ ድልድይ ቆመ። ሪትፌልትም ቤቱ ከንግዲህ ትርጓሜውን አጥቶአልና ቢፈርስ ይሻላል ብለው ነበር ይባላል። ወይዘሮ ሽሮደር ግን አላፈረሱትም፤ አልለቀቁትምም። ልጆቹ ከወጡ፥ ሪትፌልትም ከሞቱ በኋላ፥ መስኩ በሌለበት መስኮት አጠገብ ሃያ ዓመት ተቀመጡ። በ1970 ቤቱን የሚጠብቅ ድርጅት እንዲቋቋም አደረጉ፤ ከ1974 ጀምሮ ውጭው ታደሰ። በ1985 ዓመት በዘጠና አምስት ዓመታቸው ሞቱ። ከዚያ በኋላ ውስጡ በመጀመሪያው ዘመን እንደ ነበረ ተመልሶ ተሠራ፤ በ1987ም ለሕዝብ ተከፈተ። አስተዳደሩ የከተማው የማዕከላዊ ቤተ መዘክር ነው።

ከእኛ ጋራ ቤቱን ይጐበኙ ከነበሩት አንዲት ሆላንዳዊት ከሰባት ዓመት የማትበልጥ ልጃቸውን ይዘው ነበር። አስጎብኚዋ ሳንቃዎቹን በዘጋች ጊዜ ልጅቱ በሴቶቹ ልጆች ክፍል ቀርታ ነበረችና፥ ከወዲያ ሆና በሹክሹክታ እናቷን ጠራች። እናትየውም ከወዲህ ሆነው በሹክሹክታ መለሱ። ሳንቃው እስኪከፈት ድረስ እንደዚያ ሲጫወቱ ቆዩ፤ እኛም ሁላችን ሰማናቸው።

ስንወጣ የእግራችንን መሸፈኛ መልሰን በቅርጫት ጣልን። ዝናም ጀምሮ ነበር። በድልድዩ ሥር ተጠልዬ ወደ ኋላዬ ብመለከት ያ የማዕዘን መስኮት ተዘግቶአል፤ መስተዋቱም ከላዬ የሚያልፉትን የጭነት መኪናዎች ብርሃን አንድ በአንድ ያሳያል።